የእጅ አንጓ ተጎድቶ ክርን የሚያመው ለምንድን ነው?

ፖርት ቤል ከካምፓላ መሀል ከተማ ወጣ ብሎ፣ በሉዚራ በኩል፣ በቪክቶሪያ ሐይቅ ዳርቻ የሚገኝ ወደብ ነው። ስሙን ያገኘው በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ኡጋንዳን ካስተዳደሩት የብሪታኒያ ሹም ሰር ሄስኬት ቤል ነው። ወደቡን የባቡር ሐዲድ ከካምፓላ ጋር ያገናኘዋል፤ በሐይቁ ላይ ደግሞ ከታንዛኒያዋ ምዋንዛ እና ከኬንያዋ ኪሱሙ ጋር ሲነግድ ኖሯል። በአውሮፓውያኑ 1946 የተቋቋመው የኡጋንዳ ቢራ ፋብሪካም መቀመጫው እዚሁ ነው።

የአካባቢው ኑሮ በእጅ ጉልበት ላይ የቆመ ነው። አሣ አጥማጁ መረብ ይጎትታል፤ የቀን ሠራተኛው ጆንያና ሣጥን ያወርዳል፣ ይጭናል፤ በኡጋንዳ ቦዳ ቦዳ የሚባለውን ሞተር ብስክሌት የሚነዳው ወጣት ከማለዳ እስከ ምሽት እጀታ ጨብጦ ይውላል። በእንዲህ ዓይነት ሥራ ላይ መውደቅ እንግዳ ነገር አይደለም። እርጥብ እንጨት ያንሸራትታል፤ ሞተሩ ጉድጓድ ውስጥ ገብቶ ይገለበጣል። የሚወድቅ ሰው ደግሞ ሳያስበው እጁን ዘርግቶ መሬቱን ይቀበላል። በዚያች ቅጽበት የሰውነቱ ክብደት በመዳፉ ላይ ያርፋል።

አንጓው ያብጣል፣ ይታሻል፣ ይታሰራል። ሳምንታት ወይም ወራት ካለፉ በኋላ ግን ሕመሙ ሌላ ቦታ ብቅ ይላል፤ ክርን ላይ። ብዙዎች ይህን ሕመም ከአደጋው ጋር አያገናኙትም። ብርድ ነው፣ ቁርጥማት ነው፣ የድካም ነው ብለው ያልፉታል።

የአጥንት ሕክምና ባለሙያዎች ግን ሁለቱን መገጣጠሚያዎች ለያይተው አያዩም። አንጓና ክርን የአንድ ክንድ ሁለት ጫፎች ናቸው። አንዱ ሲጎዳ ሌላው በዚያው ቅጽበት አብሮ ሊጎዳ ይችላል፤ ወይም የታመመውን ጓደኛውን ሸክም ለወራት ተሸክሞ በመጨረሻ ራሱ ይታመማል። የትኛው እንደሆነ ለይቶ ማወቅ በጉልበቱ ለሚያድር ሰው የእንጀራ ጉዳይ ነው፤ የሁለቱ ሕክምና አንድ አይደለምና።

ሁለት አጥንቶች፣ አንድ ክንድ

ከክርን እስከ አንጓ ያለው የክንድ ክፍል ጎን ለጎን የተዘረጉ ሁለት አጥንቶች አሉት። በአውራ ጣት በኩል ያለው ራዲየስ፣ በትንሿ ጣት በኩል ያለው አልና ይባላል። ራዲየስ አንጓው ላይ ሰፍቶ ክርኑ ላይ ይቀጥናል። አልና በተቃራኒው ክርኑ ላይ ወፍሮ አንጓው ላይ ይቀጥናል። ጠረጴዛ ስንደገፍ የሚያርፈው ሹል አጥንት የአልና ጫፍ ነው።

በመዳፍ ላይ ያረፈ ጫና በአንጓ በኩል ሲያልፍ 80 በመቶ ገደማውን የሚሸከመው ራዲየስ ነው። ክርን ዘንድ ሲደርስ ግን ክፍፍሉ ይለወጣል፤ የራዲየስ ድርሻ ወደ 60 በመቶ ገደማ ዝቅ ይላል፣ የአልና ወደ 40 በመቶ ገደማ ከፍ ይላል። ከአንዱ አጥንት ወደ ሌላው ጫናውን የሚያሻግረው በሁለቱ መካከል የተዘረጋው ስስ ነገር ግን ጠንካራ የጅማት ሽፋን ነው። ስለዚህ መዳፍን የመታ ኃይል አንጓ ላይ አይቆምም፤ ሽቅብ ተጉዞ ክርን ይደርሳል።

መዳፍን ማገላበጥም የሁለቱ መገጣጠሚያዎች የጋራ ሥራ ነው። ቁልፍ ስናዞር ወይም እንጀራ ቆርሰን ስንጎርስ የራዲየስ ራስ ክርን ላይ ባለበት ይሽከረከራል፤ የታችኛው ጫፉ ደግሞ አንጓ ላይ በአልና ዙሪያ ይዞራል። ላይና ታች ሁለት ማጠፊያ እንዳለው በር ነው፤ አንደኛው ማጠፊያ ከቦታው ከተናጋ በሩ በሌላኛው ብቻ በወጉ አይከፈትም።

ሦስተኛው ማያያዣ ጡንቻ ነው። አንጓን ወደ ኋላ ቀና የሚያደርጉት ጡንቻዎች ጅማታቸው የሚያርፈው በእጅ አጥንቶች ላይ ቢሆንም፣ አብዛኞቹ የሚነሱት በክርን ውጫዊ ጎን ካለች ትንሽ የአጥንት ጉብታ ነው። አንጓን ወደ መዳፍ በኩል የሚያጥፉት ደግሞ በአብዛኛው ከክርን ውስጠኛ ጎን ጉብታ ይነሳሉ።

ይህን ለማረጋገጥ ቀላል ሙከራ አለ። የአንድ እጅዎን ጣቶች በሌላው ክንድዎ ላይ፣ ከክርኑ ውጫዊ ጎን ጥቂት ዝቅ አድርገው ያሳርፉ። ከዚያም ጡጫ ይጨብጡ። ከጣቶችዎ ሥር ጡንቻው ሲጠነክር ይሰማዎታል። የጨበጠው እጅ ነው፤ አንጓውን ቀጥ አድርጎ ያቆመለት ግን ክርን አጠገብ ያለው ጡንቻ ነው።

በአንድ አወዳደቅ ሁለት ጉዳት

እጅን ዘርግቶ መውደቅ በብዛት ከሚያስከትላቸው ስብራቶች ቀዳሚው የራዲየስ የታችኛው ጫፍ፣ ማለትም አንጓ አጠገብ ያለው ክፍል ስብራት ነው። ይህ ስብራት በልጆች፣ በወጣቶች እና አጥንታቸው በሳሳ አረጋውያን ሴቶች ላይ ይበዛል። በአውሮፓውያኑ 1814 የደብሊኑ ቀዶ ሐኪም አብርሃም ኮሊስ ስብራቱን በጽሑፍ ሲገልጹ ራጅ ገና አልታወቀም ነበር። ራጅ የተገኘው ከ81 ዓመት በኋላ፣ በ1895 ነው። ኮሊስ የተማመኑት በዓይናቸውና በጣታቸው ነበር፤ ስብራቱም እስካሁን በስማቸው ይጠራል።

በዚያው በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ጆቫኒ ሞንቴጂያ የተባሉ የሚላን ቀዶ ሐኪም ሌላ ጉዳት መዘገቡ። አልና ይሰበራል፤ ራዲየስ ደግሞ ሳይሰበር ክርን ላይ ከቦታው ይወልቃል። በ1934 ደግሞ ሪካርዶ ጋሌያዚ የተባሉ ሌላ ጣሊያናዊ ሐኪም የዚህን ግልባጭ በሰፊው ገለጹ። በዚህኛው ራዲየስ ይሰበራል፤ መገጣጠሚያው የሚናጋው አንጓ አጠገብ ነው። ሁለቱም ጉዳቶች የሚያስተምሩት አንድ ነገር ነው። ሁለቱ አጥንቶች ላይና ታች የተያያዙ በመሆናቸው አንደኛው ተሰብሮ ሲያጥር ሌላኛው ሙሉ ሆኖ መቆየት ያስቸግረዋል።

አንጓንና ክርንን በይበልጥ የሚያስተሳስረው ግን በ1951 እንግሊዛዊው ቀዶ ሐኪም ፒተር ኤሴክስ ሎፕሬስቲ የገለጹት ጉዳት ነው። ከከፍታ በወደቀ ሰው ላይ የሚደርስ ከባድ ኃይል ከመዳፍ ተነስቶ ሽቅብ ሲሄድ አንጓ አጠገብ ያለውን መገጣጠሚያ ያናጋል፣ በሁለቱ አጥንቶች መካከል ያለውን ሽፋን ይቀድዳል፣ በመጨረሻም ክርን ላይ የራዲየስን ራስ ይሰብራል። ጉዳቱ ብዙ ጊዜ የማይታየው ሐኪሙም ታማሚውም ጎልቶ በሚያመው ጫፍ ላይ ብቻ ስለሚያተኩሩ ነው። ሽፋኑ መቀደዱ ሳይታወቅ የተሰባበረው የራዲየስ ራስ በቀዶ ሕክምና ተወግዶ ምትክ ካልተደረገለት፣ አጥንቱ ቀስ በቀስ ወደ ክርን ይንሸራተታል፤ የአንጓው ሕመምም ዘላቂ ይሆናል።

ይህን ያህል ከባድ ጉዳት ብዙ ጊዜ አያጋጥምም። የተለመደው ቀለል ያለው ነው፤ አንጓ በሚጎዳበት አወዳደቅ የራዲየስ ራስ ክርን ላይ ይሰነጠቃል። የአንጓው ሕመም ይበረታልና ክርኑ ለጊዜው አይሰማም። አንጓው ሲበርድ ግን ክንዱ ሙሉ በሙሉ አልዘረጋ ይላል፤ መዳፍን ማገላበጥም ያሳምማል። እንዲህ ያለው የክርን ሕመም በኋላ የመጣ ይምሰል እንጂ ከመጀመሪያው ቀን አብሮ የነበረ ነው።

በሕፃናት ላይ ደግሞ መውደቅ እንኳ ሳያስፈልግ ተመሳሳይ ነገር ይደርሳል። ከአንድ እስከ አራት ዓመት ያለን ልጅ በእጁ ወይም በአንጓው ይዞ ድንገት ሽቅብ መጎተት፣ ወይም ሁለት እጁን ይዞ ማንጠልጠልና ማዞር፣ የራዲየስን ራስ ክርን ላይ ከያዘው ጅማት ሊያሾልከው ይችላል። ልጁ ክንዱን ከሰውነቱ አስጠግቶ አላንቀሳቅስ ይላል። የተያዘው አንጓው ነውና ቤተሰቡ የተጎዳው አንጓው ይመስለዋል፤ ከቦታው የወጣው ግን ክርኑ ነው። የሠለጠነ ባለሙያ በአብዛኛው ያለ ቀዶ ሕክምና በደቂቃዎች ውስጥ ይመልሰዋል።

አጥንቱ ከዳነ በኋላ የሚመጣ ሕመም

ሁለተኛው መንገድ ዝግተኛ ነው። አጥንቱ ጠግኗል፣ እብጠቱ ጠፍቷል፣ ሰውየው ወደ ሥራው ተመልሷል። አንጓው ግን እንደ ቀድሞው አልሆነም፤ ደርቋል፣ ደክሟል፣ ወደ ኋላ ቀና ማለት ያስቸግረዋል። ጠንካራ ጨበጣ የሚገኘው ደግሞ አንጓ 35 ዲግሪ ገደማ ወደ ኋላ ቀና ሲል ነው። ያን ያህል ቀና የማይል አንጓ ያለው ሰው ያንኑ ጆንያ ለመያዝ ከበፊቱ አብልጦ መጨበጥ አለበት። በጨበጠ ቁጥር ከክርን ውጫዊ ጎን የሚነሱት ጡንቻዎች ይወጠራሉ። ለሳምንታት ሥራ ፈትቶ የሳሳው ጅማት በአንድ ጊዜ የሙሉ ቀን ሥራ ሲጫንበት መነሻው ላይ ይጎዳል።

ውጤቱ በተለምዶ የቴኒስ ተጫዋቾች ክርን ተብሎ የሚጠራው ሕመም ነው። ስያሜው የመጣው ከ19ኛው ክፍለ ዘመን መገባደጃ የሣር ሜዳ ቴኒስ ነው፤ አብዛኞቹ ታማሚዎች ግን ራኬት ጨብጠው አያውቁም። ከአዋቂዎች መካከል ከ1 እስከ 3 በመቶ የሚሆኑትን እንደሚይዝ ይገመታል፤ በይበልጥ የሚታየው ከ35 ዓመት በኋላ ባለው የሥራ ዕድሜ ነው። በዋናነት የሚጎዳው ጅማት ከክርን ጉብታ ተነስቶ በመሀል ጣት ሥር ካለው የእጅ አጥንት ጋር የሚያያዘው ነው። አንጓን የሚያንቀሳቅስ፣ መነሻው ግን ክርን የሆነ ጅማት ነው።

የፖርት ቤል ሥራዎች ይህን ጅማት ያለ ዕረፍት ይፈትኑታል። የቦዳ ቦዳ ነጂ የቀኝ አንጓውን ወደ ኋላ አጥፎ የነዳጅ እጀታውን እንደያዘ ይውላል፤ የመንገዱ ንዝረትም ይጨመርበታል። መረብ ጎታች እርጥብ ገመድ እንዳያመልጠው አጥብቆ ይጨብጣል። ሣጥን የሚያወርድ ሠራተኛ መዳፉን ወደ ታች አድርጎ ክንዱን ዘርግቶ ያነሳል፤ ይህ አያያዝ ለክርን ውጫዊ ጎን ከባድ ከሚባሉት አንዱ ነው።

በካባላጋላና በካንሳንጋ ሠፈሮች ለሚኖሩ ኢትዮጵያውያንም ጉዳዩ ሩቅ አይደለም። ምጣድ ላይ ሊጥ አዙሮ ማፍሰስ፣ የተጋገረውን በሰፌድ ማውጣት፣ ቡና መውቀጥ፣ ሽንኩርት በብዛት መክተፍ፣ የታጠበ ብርድ ልብስ ጠምዝዞ መጭመቅ፤ ሁሉም ጭብጥንና የአንጓን እንቅስቃሴ ያጣምራሉ። አንጓዋ ወለም ብሏት በሁለት ሳምንት ውስጥ ወደ ምጣዷ የተመለሰች እናት ክርኗን ቢያማት ምክንያቱ ከዚሁ ሊሆን ይችላል።

ሕመሙ በተጎዳው ክንድ ላይ ብቻ ላይቆም ይችላል። አንድ እጁ የታሰረ ሰው የሁለት እጅ ሥራ በአንዱ ሲሠራ ይከርማል። በዚህም የተነሳ ጤነኛው ክንድ ክርኑ ላይ ሊታመም ይችላል።

ይህ ሲባል የክርን ሕመም ሁሉ ከአንጓ ይመጣል ማለት አይደለም። የቴኒስ ክርን አንጓው ፈጽሞ ባልተጎዳ ሰው ላይም ከተደጋጋሚ ሥራ የተነሳ ይከሰታል፤ የአንገት አጥንት ችግርም ሕመሙን ወደ ክንድ ሊልክ ይችላል። የቀድሞ የአንጓ ጉዳት ከብዙዎቹ ምክንያቶች አንዱ ነው፤ ሳይጠየቅ መታለፍ ግን የለበትም።

ጄሶ፣ ማንጠልጠያ ጨርቅ እና ነርቭ

ሕክምናው ራሱ ጥንቃቄ ከጎደለው ክርንን ያሳምማል። የአንጓ ስብራት ብዙውን ጊዜ ከአራት እስከ ስድስት ሳምንት በጄሶ ይቆያል። ከክርን በታች የሚቆም ጄሶ ክርንን ነጻ ይተወዋል። ታማሚው ግን ስለፈራ ወይም ማንም ስላልነገረው ክንዱን በአንገቱ ባሰረው ጨርቅ ውስጥ አጥፎ ቀኑን ሙሉ ይውላል። ክርን ሥራ ሲፈታ ፈጥነው ከሚደርቁ መገጣጠሚያዎች አንዱ ነው። ጄሶው ሲፈታ አንጓው ብቻ ሳይሆን ክርኑም፣ አንዳንዴ ትከሻውም አብሮ ደርቆ ይገኛል። ስለዚህ ሐኪሙ ካልከለከለ በቀር ጣቶችን፣ ክርንንና ትከሻን ከመጀመሪያዎቹ ቀናት ጀምሮ በቀን ደጋግሞ ማንቀሳቀስ የሕክምናው አካል ነው።

ክርንን ለረጅም ጊዜ አጥፎ ማቆየት ነርቭም ያስቆጣል። ክርን ሲጋጭ ኤሌክትሪክ እንደያዘው ሰው የሚያስደነግጠን የአልና ነርቭ በክርን ውስጠኛ ጎን በጠባብ ቦታ ያልፋል። ሲጫን ክርን ውስጡን ያማል፤ ትንሿ ጣትና የቀለበት ጣት ይደነዝዛሉ። በሌላ በኩል አንጓ መሀል የሚያልፈው ሚዲያን የተባለው ነርቭ በእብጠት ወይም በተጣመመ አጥንት ሲጨመቅ፣ አውራ ጣትን፣ አመልካች ጣትንና መሀል ጣትን ያደነዝዛል፤ ሕመሙም አንዳንዴ በክንድ በኩል ሽቅብ እስከ ክርን ይዘልቃል። በዚህ ጊዜ የሚያመው ክርን ይሁን እንጂ ችግሩ ያለው አንጓ ላይ ነው። የትኞቹ ጣቶች እንደሚደነዝዙ ለሐኪሙ በትክክል መንገር የተጎዳውን ነርቭ ለመለየት ይረዳል።

ወጌሻና አጥብቆ ማሰር

በኢትዮጵያም ሆነ በኡጋንዳ ብዙ ሰው እጁ ሲጎዳ በቅድሚያ የሚሄደው ወደ ባሕላዊ አጥንት ጠጋኝ ነው። ወጌሻ ቅርብ ነው፣ ዋጋው ይቀንሳል፣ ቋንቋውና ወጉም የቤት ነው። ቀላል ወለምታን አሽቶ የሚያስታግስ ልምድ ያለው ወጌሻ መኖሩም አይካድም።

አደጋው ያለው የተሰበረን ክንድ በቀርከሃ ወይም በሌላ እንጨት አጥብቆ በማሰር ላይ ነው። የተሰበረ ክንድ በመጀመሪያዎቹ ቀናት ያብጣል። ማሰሪያው ካልላላ እብጠቱ ወደ ውስጥ ይገፋል፤ የደም ዝውውርን ይዘጋል። ጡንቻ ደም ካጣ በሰዓታት ውስጥ መሞት ይጀምራል። ጀርመናዊው ቀዶ ሐኪም ሪቻርድ ፎን ፎልክማን በአውሮፓውያኑ 1881 የገለጹት፣ እጅ እንደ ጥፍር ተቆልምሞ የሚቀርበት የአካል ጉዳት የሚመጣው በዚህ መንገድ ነው። ከዚህ ሲብስ ክንዱ ይሞትና ከመቁረጥ ሌላ አማራጭ ይጠፋል። አጥብቆ የታሰረ የሆስፒታል ጄሶም ያንኑ አደጋ ያመጣል።

መፍትሔው ወጌሻን ማሳደድ እንዳልሆነ የኢትዮጵያ ተሞክሮ ያሳያል። በ2005 በአንድ ዓለም አቀፍ የአጥንት ቀዶ ሕክምና መጽሔት የታተመ በኢትዮጵያ የተካሄደ ጥናት፣ ለወጌሾች አጭር ሥልጠና ከተሰጠ በኋላ በዚህ ምክንያት የሚቆረጡ እጅና እግሮች ቁጥር በጉልህ መቀነሱን አመልክቷል። የትኛውን ጉዳት መንካት እንደሌለበትና መቼ ወደ ሆስፒታል መላክ እንዳለበት የሚያውቅ ወጌሻ ክንድን ያድናል።

ምርመራው ከየት እስከ የት?

በአጥንት ሕክምና አንድ የቆየ ሕግ አለ። ከተጎዳው ቦታ በላይና በታች ያለው መገጣጠሚያ አብሮ ይመረመራል። አንጓው የተጎዳ ሰው ክርኑን ይዘረጋል፣ ያጥፋል፣ መዳፉን ያገላብጣል፤ ሐኪሙም የራዲየስን ራስ በጣቱ ይዳስሳል። ሕመም ካለ የክርኑም ራጅ ይነሳል። ክርኑ የተሰበረ ሰው ደግሞ አንጓው ይታይለታል።

ሥራ በበዛበት የድንገተኛ ክፍል ግን ይህ ሕግ ሊዘለል ይችላል። በካምፓላው ሙላጎ ብሔራዊ ሪፈራል ሆስፒታል የቦዳ ቦዳ አደጋ የአጥንት ክፍሉን ከሚያጨናንቁት ምክንያቶች አንዱ ነው። በአዲስ አበባም ጥቁር አንበሳ ሆስፒታልና ለቃጠሎ፣ ለድንገተኛና ለአደጋ ሕክምና የተቋቋመው አቤት ሆስፒታል ከየአቅጣጫው የሚመጡ ጉዳተኞችን ያስተናግዳሉ። የራስ ቅል የተሰበረና ሆድ ውስጥ የሚደማ ሰው በሚጠብቅበት ክፍል የክርን ስንጥቅ ከዓይን ቢያመልጥ አያስገርምም። ስለዚህ ታማሚው ራሱ በሦስት ነገር ሊያግዝ ይችላል፤ እንዴት እንደወደቀ፣ ከአንጓው ሌላ የት እንደሚያመው፣ ክንዱን መዘርጋትና ማገላበጥ ይችል እንደሆነ መናገር።

አንድ ራጅ ሁሉን አያሳይም። ከአውራ ጣት ግርጌ ባለው ጎድጓዳ ቦታ ሲነካ የሚያም ከሆነ፣ ስካፎይድ የተባለው ትንሽ የአንጓ አጥንት ተሰብሮ ሊሆን ይችላል። ይህ ስብራት በመጀመሪያው ራጅ ላይ ላይታይ ስለሚችል ከ10 እስከ 14 ቀናት በኋላ ደግሞ ማንሳት የተለመደ ነው። አጥንቱ የደም አቅርቦቱ ደካማ በመሆኑ ሳይታከም ከቀረ ላይጠግን ይችላል፤ የአንጓው ሕመምና ድካምም ለዓመታት ይቀጥላል።

ክርኑን ለማዳን አንጓውን ማሳረፍ

የተሰበረ ወይም የወለቀ ክርን ሕክምናው እንደ ጉዳቱ ዓይነት ይለያያል፤ ከአጭር ጊዜ ማንጠልጠያ እስከ ቀዶ ሕክምና ይደርሳል። ጊዜው ወሳኝ ነው። በሳምንታት ውስጥ የተገኘ ውልቃት ከወራት በኋላ ከተገኘው ይልቅ በብዙ ይቀላል።

የጅማት ሕመም ከሆነ ግን ትዕግሥት ይጠይቃል። አብዛኛው የቴኒስ ክርን ያለ ቀዶ ሕክምና፣ ብዙ ጊዜ በአንድ ዓመት አካባቢ ይሻላል። የመጀመሪያው እርምጃ ሕመሙን የሚያስነሳውን አያያዝ መለወጥ ነው። ዕቃን መዳፍ ወደ ላይ አድርጎ ወደ ሰውነት አስጠግቶ ማንሳት፣ ቀጭን እጀታን በጨርቅ ወይም በጎማ ጠቅልሎ ማወፈር፣ በየመሀሉ ጭብጥን ማላላት ገንዘብ የማያስወጡ ለውጦች ናቸው። ሐኪሞች አንዳንድ ጊዜ ለታመመ ክርን የሚያዙት የአንጓ ደጋፊ ነው። ነገሩ እንግዳ ቢመስልም ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ አንጓው ሲያርፍ ክርን ላይ የተተከለው ጅማት ያርፋል።

ቀጥሎ የሚመጣው ማጠንከር ነው። ክንድን ጠረጴዛ ላይ አሳርፎ፣ እጅን ከጠርዙ አሳልፎ፣ ግማሽ ሊትር ውኃ የያዘ ጠርሙስ በመጨበጥ አንጓን ቀስ ብሎ ወደ ታች ማውረድ፣ በሌላው እጅ ረድቶ መልሶ ማንሳት ከተለመዱት ልምምዶች አንዱ ነው። ቀላል ሕመም ቢኖር ይፈቀዳል፤ በማግስቱ የሚብስ ከሆነ ግን ክብደቱ መቀነስ አለበት። ከስብራት በኋላ ይህ የሚጀመረው አጥንቱ መጠገኑን ሐኪሙ ካረጋገጠ ብቻ ነው።

መርፌን በተመለከተ ጥንቃቄ ያሻል። ኮርቲሶን የተባለው መድኃኒት ክርን ላይ ሲወጋ ሕመሙ በቀናት ውስጥ ሊጠፋ ይችላል፤ ለቀን ሠራተኛ ይህ የሚያጓጓ ነው። ይሁንና በ2013 በአሜሪካ የሕክምና ማኅበር መጽሔት የወጣና 165 ታማሚዎችን የተከታተለ የአውስትራሊያ ጥናት፣ ኮርቲሶን ከተወጉት መካከል ከዓመት በኋላ የዳኑት ወይም በጣም የተሻላቸው 83 በመቶ ሲሆኑ፣ መድኃኒት የሌለበት መርፌ ከተወጉት ግን 96 በመቶ መሆናቸውን አሳይቷል። ሕመሙ ያገረሸባቸው ደግሞ 54 በመቶ ለ12 በመቶ ነበሩ። ፈጣኑ እፎይታ በኋላ ዋጋ ሊያስከፍል ይችላል።

ሳይዘገይ ሐኪም ቤት የሚያስኬዱ ምልክቶች

አንጓው ከተጎዳ በኋላ ከሚከተሉት አንዱ ከታየ መጠበቅ አይገባም።

ክርኑ ሙሉ በሙሉ የማይዘረጋ ወይም የማይታጠፍ፣ መዳፍም የማይገላበጥ ከሆነ።

ከታሰረ ወይም ጄሶ ከገባ በኋላ ሕመሙ እየባሰ ከሄደ፣ ጣቶችን ሌላ ሰው ሲዘረጋቸው የሚያስጮህ ከሆነ፣ ጣቶቹ ከቀዘቀዙ፣ ከገረጡ ወይም ከደነዘዙ። ይህ የሰዓታት ጉዳይ ነው፤ ማሰሪያው መላላት፣ ታማሚውም ወዲያውኑ ሆስፒታል መድረስ አለበት።

አንጓው ወይም ክርኑ ቅርጹን ከለወጠ፣ ወይም ከቁስል ጋር አጥንት ከታየ።

ጣቶች ከደነዘዙ ወይም ጭብጥ እየደከመ ዕቃ ከእጅ የሚወድቅ ከሆነ።

ከሳምንታት በኋላም እጁ የሚያቃጥል፣ የሚያብጥ፣ ቀለሙንና ሙቀቱን የሚለዋውጥ ከሆነ። ይህ ከአንጓ ስብራት በኋላ አንዳንዶችን የሚይዝ፣ ቶሎ ሲታከም የሚሻል የነርቭ ሕመም ምልክት ሊሆን ይችላል።

ትኩሳትና ቅላት ያለበት የክርን እብጠት ከታየ።

ከእነዚህ አንዱም ሳይኖር ክርን ላይ የቀረ ቀላል ሕመም በዕረፍትና በአያያዝ ለውጥ ሊሻል ይችላል። ከጥቂት ሳምንታት በላይ ከቀጠለ ግን መታየት አለበት። ታማሚው ያኔ ሐኪሙ ዘንድ ሲቀርብ ከክርኑ በፊት የሚነግረው ነገር ሊኖር ይገባል፤ ከወራት በፊት መቼ፣ እንዴትና በየትኛው እጁ ላይ እንደወደቀ።